ባለቤታችሁ ሥልጣን ሲይዝ፦ ለወጣት የቴሌቪዥን ጋዜጠኞች

ውድ ልጆቼ፣

ይህን የምጽፈው ማይክ ይዛችሁ ሥራ ለጀመራችሁ ነው። ረጅም ዘመን በዜና ክፍል ውስጥ ኖሬያለሁ። ወጣት ባልደረቦቼ በር ዘግተው ቀስ ብለው የሚጠይቁኝ አንድ ጥያቄ አለ። «ባለቤቴ ፖለቲካ ውስጥ ሊገባ ነው። እኔ ሥራዬን ምን ላድርገው?» ይላሉ። ለዚህ ጥያቄ «ተይው» ወይም «ቀጥዪ» ብሎ መመለስ አይቻልም። ስለዚህ በዚህ መንገድ ያለፉ ሴቶችን ሕይወት ላውራችሁ። ቀኖቹ፣ ወሮቹና ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ ማሪያ ሽራይቨር። ብዙ ሰው የሚያውቃት የፕሬዚዳንት ጆን ኤፍ ኬኔዲ የእህት ልጅ በመሆኗ ነው፤ አለዚያም የተዋናዩ የአርኖልድ ሽዋዜኔገር ሚስት ስለነበረች ነው። እኔ የማውቃት ግን በሙያዋ ነው። በ1977 ፊላደልፊያ ውስጥ በሚገኝ የቴሌቪዥን ጣቢያ ከታች ጀመረች። ቀጥላ ባልቲሞር ገባች፤ ኦፕራ ዊንፍሬይም ያኔ እዚያው ጣቢያ ትሠራ ነበር። በ1985 ሲቢኤስ በተባለው ትልቅ የአሜሪካ ቴሌቪዥን ጣቢያ የጠዋት ዜና አቅራቢ ሆነች። በ1986 ወደ ሌላው ትልቅ ጣቢያ፣ ወደ ኤንቢሲ ተሻገረች። ትዳር የመሠረተችውም በዚያው ዓመት ነው። የኬኔዲ ዘር መሆን በር ይከፍታል፤ ይህን አልክድም። ካሜራ ፊት የተቀመጠን ሰው እውነቱን እንዲናገር ማድረግ ግን በዘር አይገኝም። እሱን ሠርታ ያገኘችው ነው።

አሁን ወደ ነሐሴ 6 ቀን 2003 እንሂድ። የዚያን ዕለት ምሽት ባሏ በጄይ ሌኖ የምሽት የቴሌቪዥን መዝናኛ ፕሮግራም ላይ ቀርቦ ለካሊፎርኒያ ገዥነት እንደሚወዳደር ተናገረ። የግዛቲቱ ሕዝብ በጊዜው የነበረውን ገዥ ግሬይ ዴቪስን ከሥልጣን ለማንሳት ድምፅ ሊሰጥ ነበር። የሌኖ ፕሮግራም ይተላለፍ የነበረው በኤንቢሲ ነው። ሽራይቨርም የኤንቢሲ ጋዜጠኛ ነበረች። ሁኔታውን በደንብ አስቡት። የምትሠሪበት ድርጅት ስለ ባልሽ ትልቅ ዜና አወጣ፤ በማግስቱ ያንን ዜና የሚከታተሉት ደግሞ አብረውሽ ቡና የሚጠጡ ባልደረቦችሽ ናቸው። ጥያቄ ሊጠይቁሽ ይፈልጋሉ፤ ያፍራሉም። አንቺም ልትመልሺ ትፈልጊያለሽ፤ ግን አትችዪም።

(በነገራችን ላይ በዚያ ሰሞን የአሜሪካ ጣቢያዎች የሽዋዜኔገርን ፊልሞች ከማሳየት ተቆጥበው ነበር። ለአንዱ ተወዳዳሪ የተሰጠ የአየር ሰዓት ለሌሎቹም እንዲሰጥ የሚያስገድድ ሕግ ስላለ ነው። ያ ሁሉ ሰው ተመዝግቦ በተወዳደረበት ምርጫ አንድ የድሮ ፊልም ማሳየት ስንት ሰዓት ሊያስከፍል እንደሚችል ገምቱ። አንድ ሰው እጩ ሲሆን የአገሩ የሚዲያ አሠራር ሁሉ በዙሪያው እንደሚቀየር የሚያሳይ ነገር ስለሆነ ነው ያነሳሁት።)

ሽራይቨር ለምርጫው ጊዜ ከሥራዋ ፈቃድ ወሰደች። እስከዚህ ድረስ ትክክል ነው። ከባዱ ነገር የመጣው ምርጫው ሊካሄድ ቀናት ሲቀሩት ነው። ጥቅምት 2 ቀን ሎስ አንጀለስ ታይምስ ስድስት ሴቶች በባሏ ላይ ያቀረቡትን ክስ አወጣ። ያለ ፈቃዳችን ነካክቶናል ነው ያሉት። ሽዋዜኔገር አንዳንድ ጊዜ መጥፎ ጠባይ ማሳየቱን አምኖ ይቅርታ ጠየቀ። እሷም በአደባባይ ቆማ ተከላከለችለት። ጥቅምት 7 ቀን አሸነፈ። ኅዳር 17 ቀን ቃለ መሐላ ፈጸመ።

ሚስት ለባሏ መከራከሯ አይገርመኝም። በእሷ ቦታ ሆኜ ዝም እል ነበር ብዬም አልናገርም። ሆኖም በሙያችን ዓይን ስናየው ከባድ ነገር ነው። ያን ቀን የቆመችው አንድ ጋዜጣ መርምሮ ካወጣው ዘገባ በተቃራኒ ነው። የተናገሩትም ሴቶች ናቸው። እሷ ደግሞ በሙያዋ እንዲህ ያሉ ሰዎችን አድምጣ ለሕዝብ የምታቀርብ ሰው ነበረች። ተመልካች ጋዜጠኛን የሚያምነው «የሚጠቅማትን ሳይሆን ያየችውን ትነግረኛለች» ብሎ ነው። ያ እምነት አንዴ ለቤተሰብ ጉዳይ ከዋለ በኋላ እንደነበረ አይመለስም። ልታደርጉት ትችላላችሁ፤ መብታችሁም ነው። ስታደርጉት ግን ምን እየከፈላችሁ እንደሆነ እወቁት።

ከምርጫው በኋላ ወደ ኤንቢሲ ተመለሰች። ብዙም አልቆየችም። እሷና ኤንቢሲ በ2004 መጀመሪያ ላይ ተለያዩ። ምክንያቱ የጥቅም ግጭት ነው፤ የገዥ ሚስት እና የዜና ጋዜጠኛ መሆን አብሮ አልሄደም። ሥራዋን ማጣቷ ምን ያህል እንደጎዳት ከዚያ ወዲህ ደጋግማ ተናግራለች። ልጆቼ፣ ይህን አቅልላችሁ አትዩት። ባሏ አዲስ ሥራ አገኘ፤ እሷ ደግሞ የነበራትን አጣች። የተሰጣት ቦታ ደግሞ የግዛቲቱ ቀዳማዊት እመቤት ይባላል እንጂ ደመወዝ የለውም። ሕገ መንግሥቱ የሚሰጠው ሥልጣንም የለም። ሥራሽ ይህ ነው የሚል ዝርዝር የለም። ሁሉም ሰው ግን ከአንቺ የሚጠብቀው ነገር አለው። ባሏ በአውሮፕላን ወደ ዋና ከተማዋ ሳክራሜንቶ እየተመላለሰ ሲሠራ ቤተሰቡ ሎስ አንጀለስ ቀረ። አራት ልጆች ነበሯቸው።

ከዚህ በኋላ ያደረገችውን ነው ልብ እንድትሉልኝ የምፈልገው። ሙያዋን ይዛ ሄደች። በካሊፎርኒያ ከእሷ በፊት ጀምሮ በገዥው ስም የሚካሄድ የሴቶች ጉባኤ ነበር። እሷ ተረክባ በሎንግ ቢች ከ10,000 ሰው በላይ የሚሰበሰብበት መድረክ አደረገችው። እንደ ቴሌቪዥን ፕሮግራም አሰበችው፤ ማን ይጋበዛል፣ ምን ይጠየቃል፣ አዳራሹ መቼ ይስቃል፣ መቼ ዝም ይላል። በ2009 እናቷ ዩኒስ ኬኔዲ ሽራይቨር ሞቱ፤ የአእምሮ እድገት ውስንነት ላለባቸው ሰዎች የሚካሄደውን የስፖርት ውድድር፣ ስፔሻል ኦሊምፒክስን፣ የመሠረቱት እሳቸው ናቸው። ሁለት ወር ያህል ቆይቶ ጉባኤው ሲካሄድ መድረክ ላይ ስለ ሐዘን በግልጽ ተናገረች። የመንግሥት ቃል አቀባይ በጻፈው ንግግር እንዲህ ያለ ነገር አይደረግም።

አባቷ ሳርጀንት ሽራይቨር የአሜሪካ የሰላም ጓድ የመጀመሪያው ዳይሬክተር ነበሩ። በ2003 አልዛይመር የሚባለው የመርሳት በሽታ እንዳለባቸው ታወቀ። ባሏ በተመረጠበት ዓመት ማለት ነው። እሷም በሽታውን እንደ ጋዜጠኛ ያዘችው። አነበበች፣ ሐኪሞችን ጠየቀች፣ ቤተሰቦችን አነጋገረች። በ2009 በአሜሪካ ሴኔት ኮሚቴ ፊት ቀርባ ምስክርነት ሰጠች። ዕድሜዋን ሙሉ ጠያቂ የነበረች ሴት መልስ ሰጪው ወንበር ላይ ተቀመጠች፤ ከሁሉም በላይ ደስ የሚለኝም ይህ ነው። ስቱዲዮውን ወስደውባታል። መጠየቅ፣ ማድመጥ፣ የተወሳሰበን ነገር ለሕዝብ በሚገባ ቋንቋ ማቅረብ ግን ከእሷ ጋር ነበር። ቀዳማዊት እመቤት ሆና የሠራችው ሥራ ሁሉ የቆመው በዚህ ላይ ነው።

የራሷን ሐሳብም አልሸጠችም። የመጣችው ከዴሞክራት ቤተሰብ ነው፤ ባሏ ሪፐብሊካን ነው። በ2008 መጀመሪያ እሱ ለፕሬዚዳንትነት ጆን ማኬይንን እንደሚደግፍ አስታወቀ። ቀናት ሳይቆዩ እሷ በሎስ አንጀለስ በተደረገ የድጋፍ ሰልፍ ላይ ወጥታ ባራክ ኦባማን እደግፋለሁ አለች። አንድ ቤት፣ ሁለት ምርጫ። ሰው አወራ፤ ቤታቸው ግን በዚህ አልፈረሰም።

ሌላዋ ፊሊስ ጆርጅ ናት። የእሷን ታሪክ ወጣቶች ብዙም አታውቁትም፤ ብታውቁት ይጠቅማችኋል። በ1970 «የ1971 የአሜሪካ ቆንጆ» ተብላ ዘውድ ደፋች። በ1975 በሲቢኤስ የአሜሪካ እግር ኳስ ፕሮግራም ላይ አቅራቢ ሆነች። በዚያን ጊዜ የስፖርት ፕሮግራም ማለት የወንዶች ጨዋታ ነበር። በ1979 ጆን ዋይ ብራውንን አገባች፤ የኬንታኪ ፍራይድ ችክንን ንግድ ገዝቶ ያስፋፋው ሰው ነው። በዚያው ዓመት የኬንታኪ ገዥ ሆኖ ተመረጠ። እሷ ግን በ1980 ወደ ስፖርት ፕሮግራሟ ተመለሰች። የገዥ ሚስት ሆና ስለ ኳስ ማውራት ቻለች።

ሽራይቨር ያልቻለችውን እሷ እንዴት ቻለች? በእኔ ግምት መልሱ የዘገባው ዓይነት ነው። ገዥ የኳስ ውጤት አይቀይርም። ዜና ግን ዞሮ ዞሮ መንግሥት ጋ ይደርሳል። ስለዚህ «ጋዜጠኛ ነኝ» ማለት ብቻ አይበቃም። የምትዘግቡት ምንድን ነው? ባለቤታችሁ የሚወስነው ነገር ስንት ጊዜ ይነካዋል? ጤና፣ ትምህርት፣ መሬት፣ በጀት ከሆነ ነገሩ ከባድ ነው።

ጆርጅ በኬንታኪ ሌላም ሥራ ሠራች። የግዛቲቱን የእጅ ባለሙያዎች ሥራ፣ ብርድ ልብሱን፣ ቅርጫቱን፣ የሸክላ ዕቃውን ይዛ ኒውዮርክ ወደሚገኘው ወደ ብሉሚንግዴልስ መደብር ወሰደች። በ1981 ያቋቋመችው የዕደ ጥበብ ድርጅት ዛሬ በሉዊቪል ከተማ ሙዚየም ነው። ባሏ ሥልጣኑን በ1983 ለቀቀ። ሥራው ግን ቀጠለ።

በ1985 ሲቢኤስ የጠዋት ዜናውን እንድታቀርብ ጠራት። እዚህ ላይ ችግር መጣ። አንድ ቀን ሁለት እንግዶች ቀረቡላት፤ አስገድዶ ደፍሯል ተብሎ የታሰረ ሰው እና ክሱ ሐሰት ነበር ብላ ቃሏን የቀየረች ሴት። ጆርጅ ሁለቱን ተቃቀፉ አለቻቸው። አልተቃቀፉም። ወቀሳው በዛባት። በዚያው ዓመት ከፕሮግራሙ ወጣች። በቦታዋ ከተተኩት አንዷ ማን ነበረች? ማሪያ ሽራይቨር። አንዷ ከገዥ ቤት መጥታ የለቀቀችውን ወንበር፣ ኋላ ወደ ገዥ ቤት የምትገባው ያዘችው።

እንደማስበው ጆርጅን የጎዳት ደግነቷ ነው። እንግዳ ተቀባይ ሴት እንግዶቿ ተኳርፈው ሲቀመጡ ማስታረቅ ትፈልጋለች። ጋዜጠኛ ግን ዝምታውን መቻል አለባት። በሥልጣን ቤት ዓመታት ካሳለፋችሁ በኋላ ወደ ስቱዲዮ የምትመለሱ ከሆነ፣ መጀመሪያ ልምምዱን መልሱ። ቀስ ብላችሁ ጀምሩ። አስቸጋሪ ቃለ መጠይቅ በመጀመሪያው ወር አትቀበሉ።

የፈረንሳይዋን አን ሳንክሌርንም ላንሳ። በፈረንሳይ እጅግ ከሚታዩት የፖለቲካ ቃለ መጠይቅ ፕሮግራሞች አንዱን ከ1984 ጀምሮ ታቀርብ ነበር። በ1997 ባሏ ዶሚኒክ ስትሮስ ካን የኢኮኖሚ ሚኒስትር ሲሆን ፕሮግራሙን ተወች። ተመልካቹ ሳይጠራጠር ነው የወጣችው። ስሟም ከነክብሩ ቆየ።

ወደ ሽራይቨር ልመለስ። ጥር 2011 የባሏ ሥልጣን አበቃ። በዚያው ወር አባቷ ሞቱ። በመጋቢት ወር አጭር ቪዲዮ ቀርጻ በዩቲዩብ አወጣች። ቀጥሎ ምን እንደምትሠራ አለማወቋ እንዳስጨነቃት ገልጻ፣ እናንተ እንዲህ ያለውን ለውጥ እንዴት አለፋችሁት ብላ ሕዝቡን ጠየቀች። በግንቦት ባልና ሚስቱ መለያየታቸውን አስታወቁ። ፍቺው ያለቀው በ2021 መጨረሻ ነው። በ2013 ደግሞ ወደ ኤንቢሲ ተመለሰች። አሥር ዓመት ገደማ ቆይታ፣ እዚያው ቤት።

እዚህ ላይ ቁጭ ብላችሁ አስቡ። በ2011 ያጣችውን ተመልከቱ፤ ማዕረጉ፣ አባቷ፣ ትዳሯ። ያላጣችው ሙያዋ ብቻ ነበር። ለዚህ ነው ባለቤታችሁ ሲመረጥ «ከእንግዲህ መሥራት ምን ያደርግልሻል?» የሚሏችሁን ሰዎች አትስሟቸው የምለው። ፍቅር ይሏችኋል፣ ክብር ይሏችኋል። መጻፍ አታቁሙ። በስማችሁ የሚገባ ገቢ ይኑራችሁ፣ ትንሽም ቢሆን። የድሮ ባልደረቦቻችሁን ጠይቋቸው፤ በዓል ሲሆን ብቻ አይደለም። ባለቤታችሁ ከሥልጣን ሲወርድ ስልካችሁ ላይ የሚደውሉት እነሱ ናቸው።

ወንዶች ልጆቼ፣ ሚስቶቻችሁ ሲመረጡ ይህ ሁሉ እናንተንም ይመለከታል። የገዥ ባል መሆን የመጣ ነገር ነው፤ እየበዛም ይሄዳል።

እንግዲህ ውሳኔው ቤታችሁ ውስጥ እንደተወሰነ፣ ዜናው ሳይወጣ፣ አለቃችሁ ጋ ግቡ። ከሌላ ጣቢያ እንዳይሰማው። ባለቤታችሁ «ለማንም አትንገሪ» ቢል እንኳ፣ ቢያንስ ለአንድ ኃላፊ መናገር እንዳለባችሁ አስረዱት። የትኞቹን ዘገባዎች እንደማትነኩ፣ ስለ ባለቤታችሁ የሚወጣውን ዜና ማን እንደሚያርመው፣ በምርጫው ወቅት በአየር ላይ ትታያላችሁ ወይስ ትርቃላችሁ የሚለውን ተነጋገሩ። ባልደረቦቻችሁ የሚሠሩትን ዘገባ ቤት ወስዳችሁ አታውሩ። ባለቤታችሁ እራት ላይ የነገራችሁንም ዜና ክፍል አታምጡ። ፈቃድ ከወሰዳችሁ መቼ እና በምን ሁኔታ እንደምትመለሱ ይጻፍ። ሁለታችሁም ፈርሙበት። ቅጂውን ራሳችሁ ያዙ፤ «በኋላ እንነጋገራለን» የተባለ ነገር አለቃው ሲቀየር የሚያስታውሰው አይገኝም።