የወሲብ ፊልም ገበያ፦ ሠራተኛው ምን ይደርሰዋል? ጥያቄና መልስ

(ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ጥያቄ፦ ኦንሊፋንስ፣ ተመልካች ከፍሎ የሠሪዎችን ገጽ የሚያይበት ድረ ገጽ፣ ከክፍያው 80 በመቶውን ቪዲዮውን ለሚሠራው ሰው (ለሠሪው) ይሰጣል። ታዲያ ብዝበዛው የቱ ጋ ነው?

መልስ፦ ክፍፍሉ እውነት ነው። በኅዳር 2023 በተዘጋው የሒሳብ ዓመት ተመልካቾች 6.6 ቢሊዮን ዶላር ገደማ ከፍለዋል፤ የሠሪዎቹ ገጾች ደግሞ 4.1 ሚሊዮን ነበሩ። 80 በመቶውን እኩል ቢያካፍሉት ለአንድ ገጽ በዓመት 1,300 ዶላር ግድም ነው። እኩል ደግሞ አይካፈልም፤ አብዛኛውን ጥቂቶች ይወስዱታል። ካሜራ፣ መብራትና ማስታወቂያ ከሠሪው ኪስ ናቸው። አሜሪካ ከሆነ ከገቢ ግብሩ ሌላ የ15.3 በመቶ የሶሻል ሴኩሪቲና ሜዲኬር (የጡረታና የአረጋውያን ሕክምና) መዋጮ አለ፤ ተቀጣሪ ቢሆን ግማሹን አሠሪው ይሸፍንለት ነበር።

ጥያቄ፦ የድሮው ስቱዲዮ ይሻል ነበር?

መልስ፦ በአንድ በኩል ብቻ፤ ወጪው የአምራቹ ነው። ክፍያው ግን በትዕይንት ነው፤ መብቱ አንዴ ከተላለፈ ቪዲዮው አሥር ዓመት ቢሸጥም ለተዋናዩ ሳንቲም አይመለስም።

ጥያቄ፦ አለቃው ማነው ታዲያ?

መልስ፦ የክፍያ ካርድ ድርጅቶቹ። በ2020 መጨረሻ ፖርንሃብ በተባለው የወሲብ ቪዲዮ ድረ ገጽ ላይ ያለፈቃድ የተጫኑና ሕፃናት የተጠቁባቸው ቪዲዮዎች መኖራቸው በጋዜጣ ሲጋለጥ፣ ቪዛና ማስተርካርድ ክፍያ አቆሙ። ድርጅቱ ወዲያው ማንነታቸው ያልተረጋገጠ ሰዎች የጫኗቸውን ሚሊዮኖች ቪዲዮ አነሣ። ነሐሴ 2021 ኦንሊፋንስ በባንኮች ግፊት ግልጽ ወሲብ ሊያግድ ነው ብሎ አስታወቀ፤ ሳምንት ሳይሞላ ሻረው። ከዚያው ዓመት ጥቅምት ጀምሮ ማስተርካርድ የሚታየው ሰው ሁሉ ዕድሜና ፈቃድ በሰነድ እንዲያዝ፣ ይዘቱ ከመውጣቱ በፊት እንዲመረመር፣ አቤቱታም በ7 የሥራ ቀናት እንዲታይ አዘዘ። ደንቡ ለተጎጂዎች ተገቢ ነው። ክፍያው ሲቆም ግን ማንነቱን በመታወቂያ አረጋግጦ የሚሠራውም ሰው ገቢ አብሮ ተቋረጠ፤ ይግባኝ የሚልበትም አልነበረውም።

ጥያቄ፦ ባንኮች ለምን ይሸሹታል?

መልስ፦ ስም ከማጉደፉ ሌላ «እኔ አልከፈልኩም» ባይ ስለሚበዛ። ደንበኛው ባንኩን ገንዘቤን መልስ ሲል፣ ተመላሹ ከሠሪው ሒሳብ ሊቀነስ ይችላል፤ ቪዲዮው ግን ታይቷል።

ጥያቄ፦ በገጹ ቻት ለደንበኛው የምትመልሰው ራሷ ሠሪዋ ናት?

መልስ፦ ትልልቅ ገጾች ላይ ብዙ ጊዜ አይደለችም። ገጹን በኮሚሽን የሚያስተዳድረው ኤጀንሲ ፊሊፒንስን በመሰሉ አገሮች በርካሽ ቻተር፣ ማለትም በእሷ ስም መልእክት የሚጽፍ ሰው፣ ይቀጥራል።

ጥያቄ፦ ከኤጀንሲ ጋር ሲዋዋሉ ምን ይታይ?

መልስ፦ ኮሚሽኑ ከምን እንደሚቆረጥ። ከ1,000 ዶላር ኦንሊፋንስ 200 ይወስዳል። ኤጀንሲው 40 በመቶ ከጠቅላላው ከቆረጠ ለሠሪዋ 400 ይቀራል፤ ከተጣራው (ከቀረው 800) ከሆነ 480። የይለፍ ቃሉና የባንክ ሒሳቡ በኤጀንሲው እጅ ከሆነ ደግሞ ውሉን ማፍረስ በወረቀት ብቻ የሚቀር መብት ነው።