ከግቢው ወጥቻለሁ፤ ልናገር ወይ?

ጥያቄ፦ የምጽፍላችሁ ከምሥራቅ ጎጃም፣ ከቢቸና አካባቢ ነው። «አባታችን» የምንለው ሰው ግቢ ውስጥ አራት ዓመት ኖሬ ዘንድሮ ወጣሁ። ስገባ ሦስት ቃዳ መሬቴን ለግቢው ሰጥቻለሁ ብዬ ፈርሜያለሁ፤ የይዞታ ደብተሬም እሱ ዘንድ ነው። የተናዘዝነውን ኃጢአት በመዝገብ ይጽፉት ነበር። ያየሁትን መናገር እፈልጋለሁ፤ ግን ታናሽ እህቴ እዚያው ናት። ከየት ልጀምር?

መልስ፦ እህታችን፣ ተናገሪ። በሚያዝያ 2015 ዓ.ም. ኬንያ፣ ሻካሆላ ጫካ ውስጥ ፖሊስ መቃብር መቆፈር የጀመረው ጥቆማ ደርሶት ነው፤ በሰባኪያቸው ቃል ተርበው የሞቱ ሰዎች ተገኙ፣ የአስከሬኑ ቁጥርም ውሎ አድሮ ከ400 አለፈ።

አስቀድመሽ ግን ጻፊ። የመጻፊያ ደብተር ገጽ ለሁለት አስምሪ፤ በአንዱ ወገን በዓይንሽ ያየሽው፣ በሌላው የሰማሽው ይግባ። ቀኑ ከጠፋብሽ «ፍልሰታ ሲገባ»፣ «ጤፍ ሲታጨድ» ብለሽ ያዢው። በአደባባይ የምትናገሪው ያየሽውን ብቻ ነው። የስም ማጥፋት ክስ ቢመጣ የፍትሐ ብሔር ሕጉ እውነትነቱን ለሚያስረዳ ሰው ከለላ አለው፤ የሰማሽውን ግን ማስረዳት አትችይም። እዚያ የቀሩትን ሰዎች ስም፣ በተለይ የልጆችን፣ አታንሺ።

መሬቴን ሰጥቻለሁ ብለሽ የፈረምሽው ወረቀት ያን ያህል አያስፈራሽ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2443 መሠረት የማይንቀሳቀስ ንብረት ስጦታ እንደ ግልጽ ኑዛዜ ካልተደረገ አይጸናም፤ ማለትም ተጽፎ በሰጪውና በምስክሮች ፊት ተነቦ እዚያው መፈረም አለበት። የገጠር ይዞታ ደግሞ ሲተላለፍ ይመዘገባል። ስለዚህ መታወቂያሽን ይዘሽ ወረዳው መሬት አስተዳደር ሂጂና መዝገቡ ዛሬ በማን ስም እንዳለ ጠይቂ። በስምሽ ከሆነ ደብተርሽ በሌላ ሰው እጅ መሆኑን በጽሑፍ አመልክቺ፤ የማመልከቻውን ቅጂም አስቀሪ።

የተናዘዛችሁትን ኃጢአት የጻፉበት መዝገብ የሚያስፈራው ምሥጢር ሆኖ እስከቆየ ድረስ ነው። እነሱ ሳይቀድሙሽ ለእናትሽ ወይም ለንስሐ አባትሽ ራስሽ ንገሪ። የማስፈራሪያ መልእክት ከላኩብሽ አታጥፊው፣ ለፖሊስ ማስረጃ ነው።

ሽማግሌ ለመሬቱ ጉዳይ ይጠቅም ይሆናል። ሕፃን የሚመታበት ወይም የሚራብበት ነገር ካየሽ ግን ሽምግልና አትጠብቂ፤ ዕርቁ እስኪያልቅ ልጁ ይጎዳል። በቀጥታ ፖሊስ ጣቢያ ሂጂ።

የእህትሽ ነገር ከሁሉም ይከብዳል። እንዲህ ባለ ግቢ «የወጣ ሰው ሁሉ ይረግማችኋል፣ ይሰድባችኋል» ይባላል፤ አንቺ «አባታችንን» ስትሰድቢ ትንቢቱ ተፈጸመ ትላለች። ስለዚህ ስልክ ስታነሺላት ስለ እሱ አትከራከሪ። ስለ እናታችሁ ጤና፣ ስለ ላሟ መውለድ አውሪያት፤ አጭር ይሁን፣ ግን አይቋረጥ። የምትተኛበት ቦታና የመሳፈሪያ ብር እንዳለ አንድ ጊዜ ብቻ ንገሪያት።

ስትመጣ ለብዙ ቀን እህል ሳትቀምስ ቆይታ ከሆነ ደስ ብሏችሁ ዶሮ አትሥሩላት። ተርቦ የከረመ ሰው በአንዴ ሲጠግብ የደሙ ማዕድናት በድንገት ይወርዱና ልቡ ሊቆም ይችላል። መጀመሪያ ጤና ጣቢያ ውሰጃት፤ የምትበላውን መጠን እነሱ ይወስኑላት።