ይግባኝ ላይ እያለም መታረቅ ይቻላል፤ ወረቀቱ ግን ችሎት ይግባ

እህቴ፣ ጥያቄሽን ሁለቴ አነበብኩት። በአባታችሁ ቤት ክርክር የስር ፍርድ ቤት ለአንቺ ፈርዷል። ወንድምሽ ይግባኝ ካለ በኋላ አሁን ሽማግሌ ልኳል። «ብታረቅ ያገኘሁትን ፍርድ አላጣም ወይ?» ነው ያልሽው። እኔም እዚሁ አዳማ ከታናሽ ወንድሜ ጋር ያየሁት ነገር ስለሆነ ዘርዘር አድርጌ ልጻፍልሽ።

መታረቅ ይቻላል። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 274 ተከራካሪዎች በማንኛውም ጊዜ መስማማት እንደሚችሉ ይላል። መዝገቡ ይግባኝ ላይ መሆኑ አያግድሽም።

የእኛ ግቢ ፊት ለፊት ዋናው ቤት፣ ከኋላ አራት ሰርቪስ ነበረው። ወንድሜ «ሰርቪሶቹን በራሴ ገንዘብ ነው የሰራሁት» አለ። ፍርድ ቤቱ እኩል ተካፈሉ፣ ካልሆነ በሐራጅ ይሸጥ ብሎ ወሰነ። እሱ ይግባኝ አለ፣ አፈጻጸሙም ታገደ። እኔ ፍርዱን ይዤ ዓመት ከመንፈቅ ተቀመጥኩ። ጣሪያው ሲያፈስ የሚያድሰው ጠፋ። ተከራዮቹ አንድ በአንድ ለቀቁ። እንታረቅ ሲባል እሺ ያልኩት ለዚህ ነው።

ሽማግሌዎቹ አንድ ቄስ፣ አንድ ሐጂ ጎረቤታችንና አጎታችን ነበሩ። ዋናው ቤት ለእኔ፣ ሰርቪሶቹ ለወንድሜ፣ የዋጋውን ልዩነት እኔ በጥሬ ገንዘብ እንድከፍል ተስማማን። ረቂቁ ላይ «ለኋላው ቤት መተላለፊያ ይተዋል» ተብሎ ተጻፈ። ሐጂ «ስንት ሜትር?» አሉ። ሁላችንም ዝም። ሜትር መጣ። እኔ አንድ ሜትር ተኩል ይበቃል አልኩ። የጎረቤት ባጃጅ ስናስገባ ግድግዳውን ሊፍቅ ትንሽ ቀረው። ያሳደገችን አክስታችን ከአንዱ ሰርቪስ በር ላይ ተቀምጣ ታየን ነበር። «እኔ ስሞት ሬሳዬን በየት ልታወጡት ነው?» አለች። ወንድሜ አንገቱን ደፋ። መተላለፊያው ሁለት ሜትር ከሃምሳ ሆነ፤ ከየትኛው ግንብ እስከ የትኛው ግንብ እንደሆነም ተጻፈ። አንቺም እንደዚህ አስለኪ። የውሃና የመብራት ቆጣሪ፣ ሽንት ቤት፣ የክፍያው ቀን፣ የይዞታ ካርታው በማን ወጪ ለሁለት እንደሚከፈል፣ የፍርድ ቤት ወጪ፣ እግዱ እንደሚነሳ፤ ሁሉም ይጻፍ።

አሁን ዋናው ነገር። አጎታችን «እሱ ይግባኙን ያንሳ፣ እናንተ እቤት ተፈራረሙ» ብሎን ነበር። ደግነቱ ጠበቃ ጠየቅን። ይግባኙ ብቻ ከተነሳ የስር ፍርዱ እንዳለ ይቆማል። ፍርዱ ተካፈሉ ይላል፣ እጃችሁ ላይ ያለው ወረቀት ሌላ ይላል። የእርቅ ውል በራሱ ዋጋ የለውም ማለቴ አይደለም፤ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ከቁጥር 3307 ጀምሮ ስለሱ በደንብ ይናገራል። ግን አንዱ ወገን ቃሉን ቢያጥፍ እንደገና ክስ ልትከፍቺ ነው። ስለዚህ ስምምነቱን ይግባኙን ለያዘው ችሎት አቅርባችሁ፣ መርምሮ እንዲያጸድቀውና የስር ፍርዱ በስምምነቱ እንዲተካ ጠይቁ። ያኔ የማይፈጽም ቢኖር በቀጥታ አፈጻጸም ትከፍቺበታለሽ።

ወረቀቱ ላይ የፍርድ ቤቱ ስም፣ የመዝገብ ቁጥሩ፣ የሁላችሁም ስምና አድራሻ፣ የተስማማችሁበት ጉዳይ ይግባ። እናንተም፣ ሁለት ምስክሮችም ትፈርማላችሁ። እዚህ አዳማ የችሎቱ ቋንቋ አፋን ኦሮሞ ስለሆነ የኛን በትርጉም ነው ያስገባነው። የሽማግሌዎቹ አማርኛና ትርጉሙ አንድ መሆናቸውን ሁለቱንም በሚችል ሰው አስነብቢ። የእኛ ላይ «ሰርቪስ» የሚለው ቃል ተዛብቶ ተመልሰን አስተካክለናል።

ውጭ አገር ያለ ወራሽ አለ ብለሻል። ወኪሉ ክርክር ላይ ስለቆመ ብቻ መታረቅ ይችላል ማለት አይደለም። ለእርቅ ልዩ ውክልና ያስፈልጋል፣ ውክልናው ላይም «መታረቅ» የሚለው በግልጽ መጻፍ አለበት። እኛ በእህታችን ውክልና ምክንያት አንድ ቀጠሮ አልፎብናል። ከኤምባሲ እስኪመጣ ጊዜ ስለሚወስድ ዛሬውኑ ለወራሹ ደውዪለት።

ገንዘቡን ደግሞ ችሎቱ ሳያጸድቅ እንዳትከፍዪ። እኔ ክፍያውን የፈጸምኩት መዝገቡ በተዘጋ በሦስተኛው ቀን፣ በባንክ፣ ወንድሜ አጠገቤ ቆሞ ነው። ደረሰኙን ከውሳኔው ግልባጭ ጋር አንድ ላይ አስቀምጬዋለሁ። የቀጠሮሽን ቀንና ረቂቁን ከላክሽልኝ ማታ አይቼ የጎደለውን እነግርሻለሁ።