ፈቃዴ ሊያልቅ ነው፣ ፈቃዴ አለቀ፦ የጦር መሣሪያ ፈቃድ እድሳት በደቡብ አፍሪካ (ጥያቄና መልስ)

እዚህ ደቡብ አፍሪካ ሱቅና ንብረት የምንጠብቅ ሰዎች ስለ ሽጉጥ ፈቃድ በየቀኑ እንጠያየቃለን፤ ብዙ ጊዜም ለጥያቄው የሚመለሰው ወሬ ነው። ዛሬ የጠየቃችሁኝን ሁሉ በ2000 የወጣውንና ከሐምሌ 2004 ጀምሮ የሚሠራበትን የጦር መሣሪያ ቁጥጥር ሕግ ይዤ እመልሳለሁ። ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ራሴን ለመከላከል ያወጣሁት የሽጉጥ ፈቃድ ሊያልቅ አንድ ወር ቀረው። ባለቀ ማግስት ሄጄ ባሳድስ ችግር አለው?

መልስ፦ አለው እንጂ። አሁንም ዘግይተሃል። ራስን ለመከላከል የሚሰጠው ፈቃድ 5 ዓመት ያገለግላል፤ የእድሳት ማመልከቻው ግን ከማብቂያው ቀን ቢያንስ 90 ቀን ቀድሞ መግባት አለበት። ሰው የሚያየው ካርዱ ላይ ያለውን ቀን ብቻ ነው፣ ጣጣውም የሚጀምረው ከዚያ ነው። ነገ ጠዋት ፖሊስ ጣቢያው ያለው የመሣሪያ ጉዳይ ኃላፊ ጋ ሂድ፤ ለምን እንደዘገየህ በጽሑፍ አስረዳ። አልቀበልም ካለህ እምቢታውንም በጽሑፍ ጠይቅ። ካልተሳካ ደግሞ ቀኑ ሳያልፍ ሽጉጡን ፈቃድ ላለው የጦር መሣሪያ ነጋዴ በሕጋዊ መንገድ ለማስተላለፍ ተዘጋጅ። ካለፈ በኋላ ቤትህ መቀመጡ ራሱ ወንጀል ነው።

ጥያቄ፦ በጊዜው አስገብቻለሁ፣ አዲሱ ካርድ ግን አልመጣም። የድሮው ቀኑ አልፏል። ፖሊስ መንገድ ላይ ቢያስቆመኝስ?

መልስ፦ አትፍራ። በጊዜው የገባ የእድሳት ማመልከቻ ውሳኔ እስኪያገኝ ድረስ የድሮው ፈቃድ እንደጸና ይቆያል፤ ሕጉ ራሱ እንዲህ ይላል። ችግሩ ማስረጃው ላይ ነው። ማመልከቻህን የተቀበሉበትን ወረቀት አውጣና እይ፦ የተቀበሉበት ቀን በማህተም ላይ በግልጽ ይነበባል? የተቀበለው ሰው ፈርሟል? የሽጉጡ መለያ ቁጥር ካርዱ ላይ ካለው ጋር ፊደል በፊደል፣ አኃዝ በአኃዝ ይገጥማል? አንዷ ዜሮ «ኦ» ሆና ብትጻፍ ማዕከላዊው የጦር መሣሪያ መዝገብ ላይ ሲፈልጉህ ላትገኝ ትችላለህ። ስህተት ካለ ዛሬውኑ አስተካክል። ኮፒውን ከካርዱ ጋር ያዝ፣ ዋናውን ቤት አስቀምጥ።

ጥያቄ፦ የእኔ ካለቀ ዓመት አለፈው። አንዱ «ዝም ብለህ ያዘው፣ ፍርድ ቤት ፈቅዷል» ይላል፣ ሌላው «ጣቢያ ከወሰድክ ያስሩሃል» ይላል። የትኛው ነው እውነቱ?

መልስ፦ ይህን ጥያቄ በሰፊው ልመልሰው፣ ምክንያቱም ብዙ ሰው ያሳሳተው የተሻረ ውሳኔ ነው። በ2017 ፕሪቶሪያ ያለው ከፍተኛ ፍርድ ቤት የእድሳቱን ድንጋጌዎች ከሕገ መንግሥቱ ጋር ይጋጫሉ አለ። ሰው ተደሰተ። በሰኔ 2018 ግን የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ ያንን ሻረው፤ ባለመሣሪያው ምን እንደሚጠበቅበት ያውቃል፣ ወይ በጊዜው ያሳድሳል ወይ ሳያልቅ በሕጋዊ መንገድ ያስወግዳል፣ ሁለቱንም ካላደረገ ጥፋተኛ ነው አለ። በሐምሌ 2018 የመሣሪያ ባለቤቶች ማኅበር እዚያው ፕሪቶሪያ ፈቃዱ በማለቁ ብቻ መሣሪያ እንዳይወስድ ፖሊስን የሚያግድ ጊዜያዊ ትእዛዝ አገኘ፤ «ፍርድ ቤት ፈቅዷል» የሚለው ወሬ በዋናነት ከዚህ የመጣ ነው። ያም ትእዛዝ በሐምሌ 2020 በጠቅላይ ይግባኝ ፍርድ ቤት ተሻረ። በመሃል ሁለት የምሕረት ጊዜ ተሰጥቶ ነበር፤ የመጀመሪያው ከታኅሣሥ 2019 እስከ ግንቦት 2020፣ ሁለተኛው ከነሐሴ 2020 እስከ ጥር 2021። ሁለቱም አልፈዋል።

ይሁንና በግንቦት 2022 አንድ ትልቅ የጥበቃ ድርጅት፣ ፊደሊቲ፣ ባቀረበው ጉዳይ የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ አንድ በር ከፈተ፦ ፈቃዱ ያለቀበት ሰው ለዚያው መሣሪያ አዲስ ፈቃድ እንዳይጠይቅ የሚከለክል ነገር ሕጉ ውስጥ የለም። ልብ በል፣ ይህ ማሳደስ አይደለም፣ እንደ አዲስ ማመልከት ነው፤ ማመልከትህም ይዞታህን ሕጋዊ አያደርገውም። ያለ ፈቃድ መያዝ እስከ 15 ዓመት እስራት ያስከትላል። ስለዚህ አስቀድመህ ጠበቃ አማክር፣ ከእሱ ጋር ሆነህ ለፖሊስ አስረክብ፣ ስታስረክብም የምትፈርመውን ወረቀት አንብብ። «እንዲወገድ ተስማምቻለሁ» የሚል ካለበት፣ መልሶ ማግኘት የምትፈልግ ከሆነ አትፈርም።

ጥያቄ፦ እኔ ግን ሃያ ዓመት የያዝኩት የድሮው አረንጓዴ ፈቃድ ነው። ለእኔም ይኸው ነው?

መልስ፦ ለእርስዎ ይለያል። በ1969 ሕግ የተሰጡ አረንጓዴ ፈቃዶችን በሚመለከት በሰኔ 2009 የተሰጠ ጊዜያዊ ትእዛዝ አለ፤ ዋናው ክርክር እስኪወሰን ድረስ እንደጸኑ ይቆያሉ ይላል። ከላይ ያሉት ክርክሮች በአሁኑ ሕግ የሚሰጠው የነጩ ካርድ ናቸው።

ጥያቄ፦ እድሳቴ ውድቅ ሆነ። ምክንያቱን በአንድ መስመር ብቻ ጻፉልኝ።

መልስ፦ በቂ ምክንያት በጽሑፍ ይጠይቁ፣ ግን እሱን እየጠበቁ የይግባኙን ጊዜ አያሳልፉ። ውሳኔው በደረስዎ በ90 ቀን ውስጥ ለይግባኝ ቦርዱ ያቅርቡ። መዘግየቱ ያማርራል፣ አውቃለሁ፤ ቢሆንም ቦርዱን ዘልሎ ከፍተኛ ፍርድ ቤት መሄድ አብዛኛውን ጊዜ መዝገቡን ያዘጋል። ከቦርዱ በኋላ የፍርድ ቤት ክለሳ መጠየቅ ይቻላል፣ ሳይዘገይ፣ ቢበዛ በ180 ቀን ውስጥ። ለማሳደስ የቀድሞው መስፈርት ዛሬም መሟላቱን የማሳየት ሸክሙ የአመልካቹ ነው፤ ስለዚህ «ድሮ ሰጥታችሁኛል» የሚለው መከራከሪያ ብቻውን አይበቃም።

ጥያቄ፦ ባለቤቴ የጥበቃ ትእዛዝ አውጥታብኛለች። ፈቃዴን ይነካዋል?

መልስ፦ አዎ። በቤት ውስጥ ጥቃት ሕግ የመጨረሻ ትእዛዝ ከወጣብህ መሣሪያ ለመያዝ ብቁ አይደለህም ሊሉህ ይችላሉ። ከዚያ በፊት ሐሳብህን የማቅረብ መብት አለህ። እኔ ግን እዚህ ላይ ከሕጉ ጋር ነኝ፤ ቤት ውስጥ ፍርሃት ካለ ሽጉጡ ይውጣ።

ጥያቄ፦ የአሳይለም (የጥገኝነት ጠያቂ) ወረቀት ነው ያለኝ። ሱቄ ሁለቴ ተዘርፏል። የጓደኛዬን ሽጉጥ ሱቅ ባስቀምጥስ?

መልስ፦ ወንድሜ፣ ስቃይህን አውቀዋለሁ፣ ግን በፍጹም አታድርገው። ለመሣሪያ ፈቃድ ግድ የሚያስፈልገው የብቃት ማረጋገጫ የሚሰጠው ለዜጋ ወይም ቋሚ መኖሪያ ፈቃድ ላለው ብቻ ነው። አንተ ብቻ አይደለህም የምትከሰሰው፤ ጓደኛህም ፈቃዱን ሊያጣና አብሮህ ሊጠየቅ ይችላል። ፈቃድ ያለው የጥበቃ ድርጅት ከጎረቤት ሱቆች ጋር ተካፍላችሁ ቅጠሩ።

ጥያቄ፦ ቤት ቀየርኩ፣ ማሳወቅ አለብኝ?

መልስ፦ አዎ፣ በ30 ቀን ውስጥ። ካልሆነ የሚላክልሽ ደብዳቤ ሁሉ የድሮው ቤት ይደርሳል፣ የይግባኙም ቀን ሳታውቂው ሊያልፍ ይችላል።