ካሜራሽን መጀመሪያ ወደ አባትሽ ቤት አዙሪ

ውድ እህቴ፣

ባሕር ዳር ባንክ ውስጥ እየሠራሽ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ መሆን እንደምትፈልጊ ጽፈሽልኛል። ታላቅ ወንድምሽ የሸክላ ሠሪ ልጅ ላግባ ቢል አባታችሁ «አጥንቷ አይሆንም፤ ሽማግሌ አልልክም» ብለው ጋብቻው ቀረ። አንቺም የልጅቷን ቤተሰብ ቀርጸሽ አገር የሚያከራክር ፊልም ልትሠሪ አስበሻል። እናትሽ ደግሞ «ገመናችንን አደባባይ አታውጪ» ይላሉ።

ዳግማዊ ምኒልክ ባለሙያን በሙያው መስደብ የሚከለክል አዋጅ ያስነገሩት በ1900 ዓ.ም. ነው። ዛሬም በሸክላ ሠሪዋ ምጣድ ጋግሮ የሚበላ ቤት ልጇን አላገባም ይላል። ይህ ፊልም መሠራት አለበት።

እኔን ያሳሰበኝ ካሜራሽን ማን ላይ ልትደግኚ እንዳሰብሽ ነው። የልጅቷ እናት ጭቃ ስታቦካ ትታያለች፣ ታለቅሳለች፣ ተመልካች ያዝናል፤ ከልካዩ ግን ለምን እንደከለከለ ሳይጠየቅ ፊልሙ ያልቃል። ከዚያ ሠላሳ ሰከንድ ተቆርጦ ቲክቶክ ላይ ይለቀቃል። አንቺ ባሕር ዳር ነሽ፤ እሷ ግን በሚቀጥለው ቅዳሜ እዚያው ገበያ ማሰሮዋን ይዛ መውጣት አለባት። ክርክሩን የምትጭሪው አንቺ፣ ዕዳውን የምትከፍለው እሷ!

ስለዚህ አባትሽን ቅረጪ። ፊልም ሠሪዋ ሳሌም መኩሪያ የአብዮቱን ዘመን በዘጋቢ ፊልም ስታሳይ የተነሳችው ከራሷ ወንድምና ከቅርብ ጓደኛዋ ታሪክ ነው። አባትሽ ማንን ፈርተው፣ ማን ምን ይለኛል ብለው እንደከለከሉ ይንገሩሽ። አታቋርጫቸው። እምቢ ካሉሽ ወንድምሽ አለ፤ እሱም ለምን ዝም እንዳለ ይጠየቅ። የልጅቷ ቤት የምትገቢው እነሱ ከፈለጉ ብቻ ነው። ፊርማ አይበቃም፤ የመጀመሪያውን ኤዲት አብረውሽ አይተው «ይሄ ይቆረጥ» ያሉት ሁሉ ይቆረጣል።

እናትሽን አከብራቸዋለሁ፤ ነገር ግን ያቺ ልጅ በመንደሩ ሁሉ ፊት ስትናቅ ገመና ነው ያለ አልነበረም።

ባንኩን አሁን አትልቀቂ። ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ እንኳ ለአሥርት ዓመታት ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ እያስተማሩ ነው ፊልሞቻቸውን የሠሩት። የደሞዝሽ ግማሽ ለታናናሾችሽ ትምህርት እንደሚሄድ ነግረሽኛል። ወንድምሽም ደሞዝተኛ ከሆነ ለምን አንቺ ብቻ? ድርሻችሁን እኩል አድርጉት፤ ይህን በግልጽ ተናገሪ።

የፊልም ትምህርት ቤት መግባቱ ይቆይ። ቅዳሜና እሑድ የሰርግ ቪዲዮ የሚያቀናብር ስቱዲዮ ገብተሽ ኤዲቲንግ ተማሪ። እኔ ፊልምን ያወቅሁት በዚያ በር ነው፤ ሳይጠየቅ የቀረው ጥያቄ የቱ እንደነበር የሚታየው የሌላ ሰው ቀረጻ ፊት ሲቀመጡ ነው። ካሜራ አትግዢ፣ ስልክሽ ይበቃል፤ ደረት ላይ የሚሰካ ማይክ ግን ግዢ። አምስተርዳም ያለው ኢድፋ በርታ ፈንድ (IDFA Bertha Fund) የተባለው የዘጋቢ ፊልም ድጋፍ ድርጅት አፍሪካውያን ፊልም ሠሪዎችን ይደግፋል፤ ማመልከቻሽ ግን የተቀረጸ ነገር ይፈልጋል።

ለፋሲካ ቤት ስትሄጂ ከአባትሽ ጋር አንድ ሰዓት ተቀመጪ። የቀረጽሽውንም ሳትቆራርጪ ላኪልኝ።