የንብረት አስተዳዳሪ «ይሻራል» ወይስ «ይነሳል»?

ጥያቄ፦ ጅማ ውስጥ ሰነድ እተረጉማለሁ። የክልላችን ፍርድ ቤቶች በአፋን ኦሮሞ ስለሚሠሩ፣ ለፌዴራል ሰበር ሰሚ ችሎት አቤቱታ የሚያቀርቡ ሰዎች መዝገባቸውን ወደ አማርኛ ያስተረጉማሉ። አሁን በእጄ ያለው የወንድማማቾች ክርክር ነው። አባታቸው የተዉት የቡና መጋዘንና የኪራይ ቤቶች ክርክሩ እስኪያልቅ በአንድ ሰው እጅ እንዲቆዩ ፍርድ ቤቱ ሾሞ ነበር። ይህን ሰው ጠባቂ፣ ተቀባይ፣ ባለአደራ ወይስ አስተዳዳሪ ልበለው? ከቦታው እንዲለቅ የጠየቁትንስ «ይሻርልን» ብዬ ልጻፍ ወይስ «ይነሳልን»? ረቂቄን አያይዣለሁ።

መልስ፦ ስሙን ከመምረጥዎ በፊት የሹመቱን ትእዛዝ በጥሞና ያንብቡ። መጋዘኑን ቆልፎ ጀንፈሉ (ከነገለባው የደረቀው ቡና) እንዳይሰረቅና እንዳይሻግት ብቻ እንዲያይ ከታዘዘ «ንብረት ጠባቂ» ልክ ነው። ኪራይ የሚሰበስብ፣ ቡናውን የሚሸጥ፣ ስለ ንብረቱ የሚከስና የሚከሰስ ከሆነ ግን ቃሉ ያንስበታል፤ አንባቢ በር ላይ የቆመ ዘበኛ ይመስለዋል። መጀመሪያ ላይ «በፍርድ ቤት የተሾመ የንብረት አስተዳዳሪ» ብለው፣ ከዚያ በኋላ «አስተዳዳሪው» እያሉ ይቀጥሉ። «ተቀባይ» መረከቡን እንጂ መልሶ ማስረከቡን አይናገርም። «ባለአደራ» መልካም ቃል ነው፤ ለብዙ ዓይነት ሥራ ስለሚውል ግን ብቻውን አይበቃም። «አጣሪ»ን ፈጽሞ አይጠቀሙ። ነገሩ ውርስ ስለሆነ ቃሉ ይመጣብዎታል፤ ነገር ግን የውርስ አጣሪ ወራሾችን የሚለይ፣ የሟችን ዕዳ የሚከፍልና ውርሱን ለክፍፍል የሚያደርስ ሌላ ሰው ነው።

ይበልጥ ያሳሰበኝ ሁለተኛው ጥያቄዎ ነው። «ሻረ» በፍርድ ቤት አማርኛ አብዛኛውን ጊዜ ከሰነድና ከውሳኔ ጋር ይሄዳል፦ ኑዛዜ ይሻራል፣ ውክልና ይሻራል፣ ይግባኝ ሰሚው የሥር ፍርድ ቤቱን ውሳኔ ይሽራል። ስለዚህ «ሹመቱ ይሻርልን» የሚል ዓረፍተ ነገር ያነበበ ዳኛ፣ አመልካቾቹ ከመነሻው አስተዳዳሪ መሾም አልነበረበትም እያሉ ነው ብሎ ይረዳል። ይህ ክርክር ከተሳካ ንብረቱ ከአስተዳዳሪ እጅ ጨርሶ ይወጣል። «አስተዳዳሪው ይነሳልን» ግን ትእዛዙን ሳይነካ ሰውየውን ብቻ ይነካል፦ ሒሳብ አላቀረበም፣ ኪራዩን ከራሱ ገንዘብ ጋር ቀላቅሏል፣ ለአንዱ ወንድም አድልቷል የሚል አቤቱታ ነው። እንዲህ ከሆነ «ተነስቶ በሌላ ሰው ይተካልን» ብለው ይጨርሱት፤ ያለዚያ ንብረቱ በማን እጅ እንዲቆይ እንደተጠየቀ አይታወቅም። በአንድ ግስ ምክንያት ሰው ያላነሳውን ክርክር እንዳነሳ ሆኖ ችሎት ፊት መቅረብ የለበትም።

ሰውስ አይሻርም ወይ? ይሻራል፤ «ሹም ሽር» የቆየ አነጋገር ነው። ሆኖም ያ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የተባለለት የመንግሥት ሹመት ነው። የፍርድ ቤት አስተዳዳሪ ከተወሰነለት የድካም ዋጋ በቀር ከንብረቱ የሚደርሰው ነገር የለም። ለዚህ ሰው ከሹመት ይልቅ የአደራ ግሶች ይስማሙታል፦ ተረከበ፣ ጠበቀ፣ ሒሳብ አቀረበ፣ አስረከበ።

«አነሳ»ም ቢሆን ጥንቃቄ ይፈልጋል። «አስተዳዳሪው ቡናውን አነሳ» ካሉ ወሰደው ማለት ነው፤ «አስተዳዳሪው ተነሳ» ብቻ ካሉ ደግሞ ራሱ ተነስቶ የሄደ ይመስላል። «ፍርድ ቤቱ ከአስተዳዳሪነት አነሳው» ሲሉ ሁሉም ይጠራል። በገዛ ፈቃዱ ከተወ «ለቀቀ»፣ ሥራውን ፈጽሞ ሒሳቡ ተቀባይነት ካገኘ «ተሰናበተ» ይበሉ። በጥፋት የተነሳን ሰው «ተሰናበተ» ማለት ጥፋቱን መሸፈን ነው።

በረቂቅዎ ውስጥ «አስተዳዳሪው ለንብረቱ ኃላፊ ነው» የሚል አየሁ። አለቃ ነው ማለትዎ ነው ወይስ ተጠያቂ? «ኃላፊ» ሁለቱንም ስለሚል፣ ተጠያቂነቱን ከፈለጉ «ሆን ብሎ ወይም በከባድ ቸልተኝነት ላደረሰው ጉዳት ይጠየቃል» ብለው ይጻፉት። ከዚህ የባሰው ግን ቀጥሎ ያለው ነው፦ «በየጊዜው ሒሳብ ማቅረብ ይችላል» ብለዋል። በሕግ አማርኛ «ይችላል» ሥልጣን ይሰጣል፤ «ያቀርባል» ግዴታ ይጥላል። አስተዳዳሪው ፍርድ ቤቱ ከፈቀደለት ቤት ማከራየት «ይችላል»፣ ስለ ንብረቱ መክሰስ «ይችላል»። ሒሳቡን ግን ፍርድ ቤቱ በወሰነው ጊዜ «ያቀርባል»፣ ዋስትና ከተጠየቀም «ይሰጣል»። ወንድማማቾቹ ሰውየው ይነሳልን የሚሉት ሒሳብ ስላላቀረበ ከሆነ፣ በእርስዎ «ይችላል» ምክንያት ጥፋቱ ጥፋት መሆኑ ይቀራል። ይህን ገጽ ሳያርሙ እንዳያስረክቡ እለምንዎታለሁ።