ለአህያ ጊዜያዊ አጥር፦ ማሽን ከመቀየርሽ በፊት መሬቱን እዪ

እህቴ፣ ጥያቄሽ ይሄ ነው፦ ሁለቱ አህዮችሽ ግጦሹን በየተራ እንዲግጡ ጊዜያዊ የኤሌክትሪክ አጥር ሠርተሻል፤ አንዷ ግን በሥር እየሾለከች ትወጣለች። ወደ አጥሩ ኤሌክትሪክ የሚልከውን ማሽን ትቼ የበለጠ ጉልበት ያለው ልግዛ ወይ?

እኔ ገና አትግዢ ባይ ነኝ። መጀመሪያ ከማሽኑ ጋር በሽቦ ተያይዞ መሬት የገባውን የብረት ዘንግ እዪው። አጥሩ የሚነዝረው ኤሌክትሪኩ በአህያዋ ገላ አልፎ በመሬት በኩል ወደ ማሽኑ ሲመለስ ነው። አፈሩ ከደረቀ ወይም ዘንጉ አጭር ከሆነ መመለሻ ያጣል። ማሽኑ ቲክ ቲክ ይላል፣ መብራቱ ይበራል፣ አህያዋ ግን ደንታም የላት። እኔ 1 ሜትር ገደማ የሚሆን የማይዝግ ዘንግ እርጥበት ያለው ቦታ ላይ እስከ አንገቱ እመታለሁ። በድርቅ ጊዜ ዙሪያውን ውሃ አጠጣዋለሁ። ካልበቃ 3 ሜትር ያህል ርቄ ሌላ ዘንግ እጨምርና በሽቦ አያይዛቸዋለሁ። ከዚያ ከማሽኑ በጣም የራቀው ጫፍ ላይ በአጥር ቮልት መለኪያ እለካለሁ። ከ3,000 ቮልት በታች ከሆነ አህዮቹን አላስገባም። ብዙ ጊዜ ጥፋተኛው ጥብጣቡን (ውስጡ ቀጫጭን ሽቦ ያለበትን የአጥሩን መስመር) የነካ ረጅም ሣር ነው፤ እሱን ማጨድ ከአዲስ ማሽን ይረክሳል።

ቀጭን ሽቦ ተዪው፣ በደንብ አይታያቸውም። ወደ 4 ሴንቲ ሜትር የሚሰፋ ነጭ ጥብጣብ ይሻላል። ሲበጠስ ቋጥረሽ አትቀጥዪው፤ ቋጠሮው ላይ ውስጡ ያሉት ቀጫጭን ሽቦዎች ይቃጠላሉ። የብረት ማያያዣ አለው። ላይኛውን መስመር 1.10 ሜትር አካባቢ፣ ታችኛውን 50 ሴንቲ ሜትር ላይ አድርጊ። ውርንጭላ ካለ ሌላ መስመር ከታች ይጨመራል። የፕላስቲክ ችካሉ ለመሃሉ ይበቃል፣ ማዕዘኑ ላይ ግን ጠንካራ እንጨት ትከዪ፤ አለዚያ ጥብጣቡ ይረግባል።

አሁን ወደ ሾላካዋ። የአህያ ጠጉር፣ በተለይ በብርድ ወራት ሲጎፍር፣ ንዝረቱን ያግዳል። በጀርባዋ ገፍታ ካለፈች በኋላ አጥርሽን ከቁም ነገር አትቆጥረውም። መጀመሪያ የሚነካው አፍንጫዋ መሆን አለበት። ስለዚህ በቀን፣ ጠንካራ አጥር ባለው ግቢ ውስጥ አንድ ወገን ላይ ጥብጣቡን ወጥሪና ልቀቂያት። ስበሽ አታስነኪያት፣ አንቺን ትፈራለች። ራሷ ትመጣለች። ጆሮዋን ወደፊት ቀስራ፣ አንገቷን ዘርግታ፣ አፍንጫዋን አስጠግታ ታሸታለች። ከዚያ ወደ ኋላ ዘላ ቆማ ታፈጣለች። ከጥብጣቡ ርቃ መጋጥ ስትጀምር ገብቷታል ማለት ነው። የማሽኑ ባትሪ እንዲያልቅ ግን አትፍቀጂ፤ ደጋግመው ይሞክራሉ።

ሁለቱን አትለያዪያቸው። ጓደኛዋ ወዲያ ማዶ ከሆነች የትኛውም ቮልት አይመልሳትም። ሣሩም ጭራሽ እስኪላጭ አትጠብቂ፤ የራበው አህያ አጥር ይደፍራል። ሙሉ ሜዳውን መልቀቅም አይሆንም፣ ይወፍራሉ፣ ሰኮናቸው ይታመማል። የፊቱን ጥብጣብ በየቀኑ ትንሽ ትንሽ ገፋ ማድረግ ይሻላል። ውሃውና ጥላው ሁልጊዜ ከውስጥ ይሁን።

እሾሃማ ሽቦ ላይ ኤሌክትሪክ በፍጹም አትልቀቂ፤ ከተጠላለፈች ማምለጫ የላትም። የበግ መረብም ለዚሁ ሲባል አልወደውም፣ እግር ይይዛል። ግጦሹ መኪና መንገድ የሚያዋስን ከሆነ ደግሞ በዚያ በኩል ቋሚ አጥር ያስፈልግሻል፤ ጥብጣቡ ውስጡን ለመከፋፈል ብቻ ነው።